መርዶውን እስከ ዓርብ ላስቆዩልን ዳይሬክተር

ለክቡር ዳይሬክተር ጁቬናል ታቦርዳ
ባሉበት

ጉዳዩ፦ ምስጋና ስለማቅረብ

በቅድሚያ የከበረ ሰላምታዬን እያቀረብኩ፣ ጤናዎ እንደ ዝናዎ የተሟላ እንደሆነ፣ ከአገርዎ ከብራዚል ቶሮንቶ ድረስ ያለው በረራም እንዳላደከመዎ ተስፋ አደርጋለሁ። እኔ በፍሌሚንግደን ፓርክ የሕንፃችን ዕድር ጸሐፊ፣ የፊልምዎም አስተርጓሚ የነበርኩት ኢሳያስ ነኝ። የዛሬ ሁለት ዓመት በበረዶ ወቅት በስስ ጃኬት ሲመጡ ካፖርቱን ያዋሰዎት ሰው ብል ምናልባት ያስታውሱኛል፤ በፊልምዎ ፖስተር ላይ ለብሰውት ስላየሁ በደህና መያዙን ተረድቻለሁ።

ቅዳሜ ዳንፎርዝ ባለው አዳራሽ ፊልምዎ እንደሚታይ፣ ከዚያም ከሚቀረጹ ሰዎች ጋር ስለ መተማመን ለወጣቶች ትምህርት እንደሚሰጡ ከማስታወቂያው አነበብኩ። ለትምህርቱ ቢጠቅም ብዬ ነው የጻፍኩት።

የሥራ ዘመንዎን በሚገባ አጥንቻለሁ። በመጀመሪያው ፊልምዎ ድርቅ ያፈናቀላቸውን የመንደርዎን ሰዎች አሳይተው ተሸለሙ። በሁለተኛው የገዛ አጎትዎን እብደት አሳይተው የበለጠ ተሸለሙ፤ አጎትዎ ከዚያ ወዲህ በር እንደማይከፍቱልዎም እርስዎ በቃለ መጠይቅ ሲናገሩ በኩራት ነበር። የቤትዎ ሐዘን ተሟጦ ሲያልቅ ወደ እኛ መጡ። ነጻ ዳይሬክተር መባልዎ ይገባዎታል፤ ከኩባንያ ነጻ፣ ከአለቃ ነጻ፣ በኋላ እንዳየነውም ከይሉኝታ ነጻ ነዎት።

እንግዲህ ምስጋናዬ የሚከተለው ነው።

፩ኛ. የጎረቤታችን የወይዘሮ አሰፋሽ ታናሽ ወንድም ጥሩነህ ደሴ ላይ ማረፉን ማክሰኞ ስንሰማ፣ እንደ ወጋችን ረቡዕ ማለዳ፣ ለሥራ ሳይወጡ፣ ሽማግሌዎች ይዘን ሄደን ልናረዳቸው ተስማምተን ነበር። እርስዎ ግን በማለዳ ጨለማ የሰው ፊት እንደማይታይ፣ የድምፅ ባለሙያዎም ከሞንትሪያል የሚደርሰው ሐሙስ ማታ መሆኑን በትሕትና አስረድተው፣ ፀሐይ በምሥራቁ መስኮት እስከምትገባበት እስከ ዓርብ ረፋድ እንድንቆይ ለመኑን። ወይዘሮ ፊርደውስ ሞት በቀጠሮ አይነገርም ብለው ከዕድሩ ስብሰባ ወጡ። ሌሎቻችን፣ ማለትም እኔና ሦስት ሽማግሌዎች፣ ማኅበረሰባችሁን ዓለም ያየዋል ስላሉን ፀጉራችንን ተስተካክለን ጠበቅን።

፪ኛ. ረቡዕ ወይዘሮ አሰፋሽ ለወንድማቸው ደጋግመው ደወሉ፤ ኔትወርክ ነው አልናቸው። ሐሙስ የደም ግፊት መድኃኒት ገዝተውለት የሚያደርስ መንገደኛ ፈልግልኝ አሉኝ፤ እኔም ሰውየው አፈር መልበሱን እያወቅሁ ፈለግሁላቸው። እርስዎም እስከ ዓርቡ መርዶ ድረስ ሁሉንም ቀረጹ። እሳቸው ስለ ኑሯቸው የሚቀርጿቸው መስሏቸው፣ ሲቆሙ ይደክምዎታል እያሉ ወንበር ያመጡልዎ ነበር።

፫ኛ. ያንን የረቡዕና የሐሙስ ክፍል ከፊልሙ እንዲያወጡልን በሦስት ደብዳቤ ለመንኩዎ፤ የፊልሙ ልብ እዚያ ላይ ነው ብለው መለሱልኝ። በሰው ቁስል እንጨት ስደድ ማለት ይህ ነው፤ እንጨቱን ያቀበልኩት እኔ መሆኔንም አልክድም። ይባስ ብለው ወይዘሮ አሰፋሽን የክብር እንግዳ አድርገው ከፊት ወንበር ጋበዟቸው። በሕዝብ መሐል ከሚያዩት ብዬ ባለፈው እሑድ ሄጄ ሞቱን ከማክሰኞ ጀምረን እናውቅ እንደነበር ራሴ ነገርኳቸው። አልጮኹም። መድኃኒቱን በእጃቸው ይዘው ሲለምኑኝ አውቄ እንደነበር ብቻ ጠየቁኝ፤ አዎን አልኩ። ተነስተው በሩን ከፈቱልኝ። ሃያ ስድስት ዓመት እንደ እህት የማያቸው ሰው ናቸው፤ ዛሬ ሊፍት ውስጥ ስንገናኝ ሰላምታዬን አይመልሱም። ይገባኛል፤ ግን በጣም ያመኛል።

ስለዚህ ቅዳሜ ወጣቶቹ የሰውን አመኔታ እንዴት እንዳገኙ ሲጠይቁዎ፣ ጥበቡን ሳይቆጥቡ እንዲገልጹላቸው በትሕትና አሳስባለሁ። የሚቀጥለው ፊልምዎ በማን ቤት እንደሚሠራ አላውቅም፤ የቤቱን ሰዎች ግን ከወዲሁ እግዚአብሔር ያጽናቸው።

ሽልማትዎ መደርደሪያ እስኪያጣ እንዲበዛልዎ ከመመኘት ጋር፣ ለጥበብ ሲል ጎረቤቱን አሳልፎ የሰጠ የዘወትር አድናቂዎ፣

ኢሳያስ ሀብተማርያም
የቀድሞ የዕድር ጸሐፊ

ግልባጭ
— ለፌስቲቫሉ የምርጫ ኮሚቴ
— ለሕንፃችን ልብስ ማጠቢያ ክፍል ማስታወቂያ ሰሌዳ

ሳልዘነጋው፦ ወይዘሮ አሰፋሽ ቅዳሜ አይገኙም። በወይዘሮ ፊርደውስ በኩል ግን መልእክት ልከውልዎታል። እናትዎ በሕይወት እንዳሉ ጠይቀው፣ አሉ ሲባሉ፣ ዕድሜ ይስጣቸው፣ ቀናቸው ሲደርስ ደግሞ የሰማ ሁሉ በዚያው ዕለት ይንገረው ብለው መርቀውዎታል። ደግ ሴት ናቸው። እኔ ግን አሜን አላልኩም።