ባዶ ያልነበረው ዝምታ

ጋሽ ቀስታ እያልን የምንጠራቸው አጎታችን በ1948 ዓ.ም. ከሰዓት ሠሪው አባታቸውና ከልብስ ሰፊዋ እናታቸው ተወለዱ። ገና በልጅነታቸው፣ በአባታቸው ሱቅ ዓይናቸውን ጨፍነው የትኛው ሰዓት እንደሚመታ ይለዩ እንደነበር ታላቅ እኅታቸው ይመሰክራሉ።

በሙዚቃ ትምህርት ቤት ፒያኖ አጥንተው እዚያው ጡረታ እስኪወጡ አስተምረዋል። ቅጽል ስማቸውን ያወጡላቸው ተማሪዎቻቸው ናቸው። የተመታው ድምፅ ፈጽሞ ሳይጠፋ ሌላ መምታት በእሳቸው ክፍል ነውር ነበር፤ ችኩል ተማሪ አይበረክትላቸውም።

በ1975 ዓ.ም. ከነርሷ ባለቤታቸው ጋር ትዳር መሥርተው አንዲት ሴት ልጅ አፍርተዋል። ሚዜያቸው አብሮ አደጋቸው፣ የድምፅ ቀረጻ ባለሙያው ነበሩ። እዚህ በአንቱታ የተጠቀሱት ለወጉ ያህል ነው።

ባለቤታቸው ታመው አልጋ በያዙበት ዓመት አጎታችን ፒያኖውን መኝታ ቤት አስገብተው፣ መቅረጫውን ከፍተው ብቸኛ አልበማቸውን ሠሩ። አንድ ድምፅ መትተው እስኪጠፋ ይጠብቃሉ። በመሀሉ የባለቤታቸው ትንፋሽ ይሰማል፤ አንድ ቦታ ላይ ደግሞ «አንተ ሰውዬ፣ አስተኛኸኝ እኮ!» ብለው ይስቃሉ። ባለቤታቸው ካረፉ በኋላ ሌላ ቅጂ የሌለውን ቴፕ ለሚዜያቸው በአደራ ሰጡ።

ሚዜው «ባዶውን ማን ይሰማዋል?» ብለው ዝምታውን ሁሉ ቆርጠው ጣሉት። በተረፈው ላይ ከበሮ ጭነው በራሳቸው ስም አወጡት። ሰው ወደደው፤ በየሱቁ ተከፈተ። አጎታችን የሰሙት ፀጉር አስተካካይ ቤት ነው። ግማሽ ፀጉራቸው እንደተቆረጠ ተነሥተው ወጡ። ወንድሜ ያሉት ሰው ጉድ ሠራቸው፤ ከዚያ ወዲያ ፒያኖውን አልከፈቱም።

ባለፈው ዓመት የልብ ሕመም ሲጠናባቸው ሚዜያቸው ይቅርታ ሊጠይቁ መጡ። አጎታችንም «ይቅር ብዬሃለሁ። ግን እሷን አምጣልኝ» አሏቸው። ሚዜው አንገታቸውን ደፍተው ወጡ። ይህን የምትጽፈው የእኅታቸው ልጅ ግን ይቅር ማለቱ ገና አልሆነላትም።

አጎታችን ባለፈው ማክሰኞ ረፋድ ላይ በተወለዱ በ69 ዓመታቸው ዐርፈዋል። ልጃቸው፣ ሁለት የልጅ ልጆቻቸውና እኅታቸው በሐዘን ቀርተዋል። ፈጣሪ ነፍሳቸውን ይቀበልልን፤ ከባለቤታቸውም ጋር ያገናኝልን።

በቀብራቸው ሙዚቃ እንዳይከፈት አደራ ብለዋል። ስለዚህ ይህ ተነብቦ ሲያበቃ ሁላችንም ዝም ብለን እንቆማለን። ሚዜያቸውም እዚህ መሀላችን አሉ፤ ይህን እንኳ ሳይቆርጡ እስከ መጨረሻው ይስሙላቸው።