ድንበራችን አጣና ተራ ተሸጠ

ለውድ አክስቴ፣

አሰላሙ ዐለይኩም። ይህን ደብዳቤ ቆመሽ እያነበብሽ ከሆነ ተቀመጪ። ተቀምጠሽ ከሆነ ግድግዳ ተደገፊ። በታላቅ ሐዘን የማረዳሽ ነገር አለ። ቅድመ አያቶቻችን የተሟገቱለት፣ አንቺም በየዓመቱ ከአንድ ሰው የምትጣዪበት የተራራችን ድንበር ባለፈው እሁድ በጠራራ ፀሐይ መርካቶ ውስጥ ተሸጧል። ገዢውም ጭኖት ሄዷል።

አሁን ተንፍሺ። ጤናሽ እንዴት ነው? ዳገት ስትወጪ እንደ አሮጌ በር የሚንቋቋው ጉልበትሽስ ተሻለው? ላሚቱስ፣ እኔን ረግጣ ይቅርታ ያልጠየቀችው፣ ወለደች? እኔ አልሐምዱሊላህ ደህና ነኝ። ያልደወልኩልሽ፣ ኔትወርክ ፍለጋ ጉብታው ላይ ወጥተሽ ስለምትጮሂና ወሬዬን ገና ሳልጀምረው ስለምትቆርጪብኝ ነው። ደብዳቤ አይቋረጥም። አንቺ በመሠረተ ትምህርት ፊደል ቆጥረሻል፤ እኔም ከስምንተኛ ክፍል በገዛ ፈቃዴ የተመረቅኩ ሰው ነኝ። እንግባባለን።

የላክሽብኝ መልእክት አንድ ነበር፤ ድንበሩ አንድ ክንድ ወደ እኛ ከገባ ደጄን እንዳትረግጥ ብለሻል። ነገሩ የምንጩ እንደሆነ አውቃለሁ። የማዶ ሰዎች ምንጩን በሽቦ ካጠሩት ያንቺ እንሰት በበጋ ምን ይጠጣል? ከአረፋ በፊት ሽማግሌዎች ካልተስማሙ ደግሞ የሁለቱም ወገን ጎረምሳ ዱላ ይዞ እንደሚወጣ የነገርሽኝ አንቺው ነሽ። ስለዚህ ፀጉሬን ተስተካክዬ፣ ሸሚዝ ተውሼ ስብሰባ ገባሁ።

ስብሰባው የተደረገው እኔ በምሠራበት በጋሼ ሙህዲን የአጣና ግቢ ነው። የእኛ ወገን ተናጋሪ እሳቸው ናቸው። ከማዶ የመጡት ጋሼ በሽር ናቸው፤ ዱባይ ተራ ብርድ ልብስ የሚያከፋፍሉት። ልጃቸው ሱሀይርም አብራ መጥታለች፤ ሥራዋ የተስማሙበትን በስልኳ ፎቶ ማንሳት ነበር። ስለ እሷ ብዙ የምለው የለኝም። አረንጓዴ ሻርፕ አድርጋለች፣ ስትስቅ በሻርፑ ጫፍ አፏን ትሸፍናለች፣ ስርጉዷ በግራ ጉንጯ ብቻ ነው። ሌላ ምንም አላየሁም።

ጋሼ ሙህዲን ወረቀት አያምኑም። ተራራውን መሬት ላይ ሥሩልኝ አሉ። ሰጋቱራ ቆለልን፣ ተራራ ሆነ። ምንጩን ውሃ የሞላ ባልዲ አደረግነው። መስጊዱ ፔርሙስ፣ ያንቺ ቤት ደግሞ የተሸረፈ ብሎኬት ሆነ። አትቆጪ፤ ብሎኬቱን የመረጥኩት እኔ ነኝ፣ በጎን ሲያዩት ቁርጥ ቤትሽን ነው። ከዚያ በሰጋቱራው አናት ላይ አጣና ጫፍ ለጫፍ ተጋደመና ድንበር ተባለ።

ጭቅጭቁን ብታዪው ጉልበትሽን ትረሺው ነበር። ጋሼ ሙህዲን እያወሩ አጣናውን በእግራቸው ወደ ማዶ ገፋ ያደርጋሉ፤ ጋሼ በሽር ሳል የመጣባቸው መስለው በከዘራቸው ይመልሱታል። አንዱ ያ የኮሶ ጉቶ የአባቴ ነው ሲሉ፣ ሌላው አባትህማ ጉቶው ላይ በእንግድነት ነው የተቀመጡት ይላሉ። ምስኪን ባልዲ፣ እስከ ቀትር ድረስ ስንቴ ዜግነት እንደቀየረ እሱ ይቁጠረው።

ሲደክማቸው ጋሼ በሽር አንድ ግንድ ላይ ቁጭ አሉና ሌላ ወሬ አመጡ። በልጅነታቸው ድንበር የሚባል መስመር አልነበረም አሉ፤ ደኑ ራሱ ነው ድንበሩ። ከታች ቀርከሃ፣ ከፍ ሲል ኮሶና ዝግባ፣ አናቱ ላይ አስታ። የማዶ አውራ ዶሮ ይሰማል እንጂ ማዶ አይታይም። ክረምት ሲገባ ከሁለቱም ወገን ሽማግሌ ይወጣና በደኑ መንገድ ላይ የቃጫ ገመድ ያስራሉ፤ አንዱን ጫፍ የእኛ እጅ፣ ሌላውን የእነሱ እጅ ይቋጥረዋል። ገመዱ እስኪፈታ መጥረቢያም ከብትም አያልፍም። ሲፈታም ሁለቱም መገኘት አለባቸው፤ ብቻውን የፈታ ሰው በሬ አርዶ ሁለቱንም አገር ያበላል።

ጋሼ ሙህዲን ከዚያ ቀጠሉ። መሬት ሲከፋፈል ሰው ሁሉ የእኔ ነው ለማለት ደኑን ቆረጠ፤ ቆርጦ ሲጨርስ ደግሞ የእኔ ነው ለማለት ባህር ዛፍ ተከለ። እኛ አንድ መደዳ፣ እነሱ አንድ መደዳ፣ ፊት ለፊት። ምንጩን ማን ጠጣብን እያልን ስንካሰስ ጠጪው ከበላያችን ቆሞ ያየን ነበር አሉ። ይህን ተናግረው ግቢያቸውን የሞላውን አጣና ቀና ብለው አዩት።

ይኼኔ ነው መዓቱ የመጣው። ማስረሻ የሚባል ዳስ ሠሪ ገባ፤ ለሰርግ ነው፣ ቀጥ ያለ አጣና እፈልጋለሁ እያለ የተጋደመውን አየና ይኼ ስንት ነው ብሎ ጠየቀ። ጋሼ ሙህዲን ደግሞ ስንት ነው ተብለው ሳይመልሱ ያለፉበት ቀን የለም። ዞር እንኳ ሳይሉ ዋጋ ጠሩ። ጋሼ በሽርስ? የነጋዴ ደም አላስችል አላቸውና፣ ዕቃው ምርጥ ነው፣ ሌላ ቦታ አታገኘውም ብለው አሻሻጡ። ጫን ተባልኩ። እኔ ተቀጣሪ ነኝ አክስቴ፤ ጫን ያለኝን ሰው ድንበር ነው ወይ ብዬ አልመረምርም። ምናልባት ከወትሮው ፈጠን ብዬ ጭኜ ይሆናል።

መኪናው ወደ ሀብተ ጊዮርጊስ ድልድይ ከታጠፈ በኋላ ጋሼ ሙህዲን፣ እንዳልኩህ እዚህ ጋ ሲደርስ፣ ብለው ሊያሳዩ ጎንበስ ቢሉ ድንበር የለም። ሁሉም ወደ ሱሀይር ዞረ። ባትሪዬ አልቆ ነበር አለች፣ ዓይኗን ሰጋቱራው ላይ ጥላ።

መጀመሪያ የሳቁት ጋሼ በሽር ናቸው። ሙህዲን፣ አባቶቼ ስንት የተማከሩበትን ድንበር በችርቻሮ አወጣኸው አሉ። ጋሼ ሙህዲንም፣ ደላላው አንተ፣ ና ኮሚሽንህን ውሰድ አሏቸው። ሁለቱም እንባቸው እስኪፈስ ሳቁ። ስቀው ሲጨርሱ የቀረው ባልዲው ነው፤ መሃል ላይ፣ የማንም ሳይሆን። ብዙ ሳይነጋገሩ ተስማሙ። ምንጩ አይታጠርም። የቃጫው ገመድ ክረምት ሲገባ እንደ ድሮው ይታሰራል። በምንጩ ዙሪያ ያለው ባህር ዛፍ ከሁለቱም ወገን ይቆረጥና ኮሶና ቀርከሃ ይተከላል።

ለአንድ አፍታ ቀልዱን ላቁም። በምንጩ ዙሪያ ያለው የእኛ መደዳ ባልሽ የተከሉት ነው። ማታ ማታ ከሥሩ ቆመሽ ከእሳቸው ጋር እንደምታወሪ አውቃለሁ፤ ሰምቼሻለሁ። በቤታችን ስም ይቆረጥ ያልኩት እኔ ነኝ። እሳቸው ቢኖሩ እንሰትሽ እየደረቀ ዛፌ ይቁም አይሉም፤ መጥረቢያውን ራሳቸው ይስሉት ነበር። ሲቆረጥ ግን ወፍራሙን፣ እሳቸው ሁልጊዜ ተደግፈውት ይቆሙ የነበረውን፣ ለእኔ አስቀሪልኝ። ለቤት ምሰሶ ይሆናል። የማን ቤት ብለሽ አትጠይቂኝ።

ለአረፋ ስመጣ ደግሞ ጉልበትሽ እሺ ካለ ማዶ ድረስ አብረሽኝ ውረጂ። የአካባቢውን አፈር ለማጥናት ነው። ረጋ ያሉ ሽማግሌዎችም ቢከተሉን ጥሩ ነው፤ አፈር ብቻውን አይጠናም።

ፎቶው አለ፣ በነገራችን ላይ። ድንበሩ የት ጋ እንደነበር፣ የእኔም የተቀደደ ጫማ ሳይቀር ጥርት ብሎ ይታያል። ስልኬ ውስጥ እንዴት እንደገባ ግን እኔም ገርሞኛል። ይህን መስመር ጮክ ብለሽ አታንብቢው።

እንግዲህ ድንበር ተሸጠ ብዬ ያስደነገጥኩሽ ሲጣራ ጥቂት አጣና ነው፤ ለዚያውም አንዱ ጠማማ ነበር። ይህን ያህል የሚያስቀምጥ ነገር አልነበረም፤ ተነሺ።

አላህ ጉልበትሽን ያጽናው፣ እንሰትሽን ያወፍረው፣ ምንጩንም እንደ ምላስሽ የማይደርቅ ያድርገው።

የወንድምሽ ልጅ፣
ለጊዜው የወዲህ ማዶ ሰው