አባትሽ ቋንቋውን ሲቀይር

ለልጄ፣

እንደምን ከረምሽልኝ? ያ ሳል ለቀቀሽ? እንቅልፍሽስ? ምሳሽን በሰዓቱ ትበያለሽ ወይስ እንደ ልማድሽ ኮምፒውተር ላይ እንደተደፋሽ ይመሽብሻል? ስለ እኛ ብትጠይቂ፣ ደህና ነን ብሎ መጀመር የደብዳቤ ወግ ነው፤ እኔ ግን ዘንድሮ ወግ የማሳምርበት አቅም የለኝም። ደህና አይደለንም። የኔ ጉልበት ያው ነው፣ እሱን ተይው። አባትሽ ነው።

ካለፉት ደብዳቤዎቼ ላንዱም መልስ አልሰጠሽኝም። ስልክሽንም ቀየርሽ። ይህን የምታመጣልሽ ነርሷ ጓደኛሽ ናት፤ ቀሚሷን ላሳጥርላት ሰጥታኝ፣ ነገ ልትወስድ ትመጣለች። አድርሺልኝ ብዬ ስለምናት፣ ማድረሱንስ አደርስልዎታለሁ እማማ፣ ማንበቧን ግን እኔንጃ አለችኝ። ያ «እኔንጃ» ሌሊቱን ሙሉ ሲያገላብጠኝ አደረ። እባክሽ እስከ መጨረሻው አንብቢው። ከዚያ ብትፈልጊ ቅደጂው።

በፊተኞቹ ደብዳቤዎቼ ላይ አባትሽ ሰላም ብሎሻል እያልኩ የጻፍኩት ከራሴ አውጥቼ ነው። አንድም ቀን ሰላም በይልኝ ብሎኝ አያውቅም። ስምሽ ሲነሳ ተነስቶ ይወጣል። አንቺም ሳትጠረጥሪ አልቀረሽም፤ ሁለታችሁም ግትሮች ናችሁ፣ ትተዋወቃላችሁ። ዛሬ ግን አልዋሽሽም።

ጠባችሁን ካንቺ በላይ የሚያውቀው የለም፤ ግን እኔ እንዳየሁት ልንገርሽ፣ ተናግሬው አላውቅምና። ያን ቀን የተሳቢው ጋቢና አብረሽው ተቀምጠሽ ስትመለሺ ፊትሽ አመድ መስሎ ነበር። የመንገዱን ሰሌዳ ሁሉ አንቺ እንዳነበብሽለት፣ መሻገሪያው ላይ የነበረችውን ሴት ጭራሽ እንዳላያት፣ አንቺ ስትጮሂ ፍሬን እንደያዘ ነገርሽኝ። እኔ ፈሪዋ፣ ዝም በይ አልኩሽ። አንቺ ዝም አላልሽም። መሥሪያ ቤቱ ሄደሽ ዓይኑ እንደደከመ ተናገርሽ። ሐኪም አዩት፣ መንጃ ፈቃዱን ተቀበሉት፣ ተሳቢውን ለሌላ ሹፌር ሰጡበት። ዕድሜውን በመንገድ የጨረሰ ሰው ግድግዳ እያየ ቤት ተቀመጠ። ዓይኔ ደህና ነበር፣ ያሳወረችኝ ልጄ ናት ይል ጀመር። በመጨረሻም ያቺን ቃል ተናገረሽ፤ ከእንግዲህ ድምፅሽን እንዳልሰማ።

አንቺ ደግሞ ክፍልሽን ዘግተሽ ለብቻሽ ስትለፈልፊ ከረምሽ። እኔማ፣ ይቺ ልጅ ለየላት ብዬ ነበር። ለካ የጭነት መኪና የሚነዳበትን ጌም ቋንቋ እየቀየርሽለት ኖሯል። ጌሙ የሚናገራቸው ቋንቋዎች መዓት ናቸው፣ የኛ ግን የለበትም፤ አንቺ በገዛ ድምፅሽ መንገድ በመንገድ ሞልተሽ ጨመርሽለት። መሪና ፔዳል ገዝተሽ ጠረጴዛው ላይ አሰርሽ። ከዚያ ሻንጣሽን አንጠልጥለሽ፣ ሲከፍተው ይገባዋል ብለሽኝ ወጣሽ። ከፈተው። ገና «አባዬ» ስትዪ ፊቱ ጠቆረ። ፎቶ ኮፒ ቤት ያለውን የኮምፒውተር ባለሙያ አስጠርቶ ወደ ፈረንጅኛው አስመለሰው። ከዚያ ወዲያ ከዚያ ክፍል የምሰማው አንድ የማላውቀው ፈረንጅ ባሌን ሲያዝብኝ ብቻ ሆነ። ይህ ሰው በቃሉ ጸና፣ አለቀ ደቀቀ ብዬ ቁርጤን አወቅሁ።

አሁን የማጫውትሽን ስሚ። የስፌት መኪናዬን ጩኸት አትረሺውም፤ «ወፍጮ ቤቱ» ትዪው አልነበር? አንድ ቀን ወፍራም የመጋረጃ ጨርቅ ይዤ ስታገል መርፌው ተሰበረብኝ። እግሬን ከፔዳሉ አንስቼ ስብርባሪውን ስፈልግ ከወዲያኛው ክፍል የሴት ድምፅ ሰማሁ። ቀስ… ቀስ በል የኔ ጌታ ትላለች። ልጄ፣ ደሜ ፈላ! በዚህ ዕድሜው! ጥርሱ ተራግፎ! ብድግ ብዬ በሩን በረገድኩት። ብታዪኝ በሳቅ ትሞቺ ነበር። ክፍሉ ውስጥ ያሉት ግን አባትሽና ያ ፈረንጅ ብቻ ናቸው። ምን ፈለግሽ አለኝ፣ ፊቱን ሳያዞር። የማደርገው ቢጠፋኝ፣ መቀስ አልኩት። ዞሮ አየኝና፣ እዚህ የለም አለኝ። መቀሱ እጄ ላይ ነበር። አላየውም።

በማግስቱ ሆን ብዬ መኪናዬን ስረግጥ ቆየሁና ድንገት አቁሜ በባዶ እግሬ ሮጥኩ። ጆሮዬን በሩ ላይ ለጠፍኩ። ና አባዬ… ና… ወደ ግራ ቁረጥ… መልስ… ና… ና… በቃ! አንቺ ነሽ። ትምህርት ሲዘጋ አብረሽው እየሄድሽ፣ ከኋላ ቆመሽ ተሳቢውን ታስጠጊለት እንደነበረው ጊዜ። «ረዳቴ» ሲልሽ፣ ረዳትነቱን የምር ይዘሽው በሩን በመዳፍሽ ስትደበድቢ እንደነበረው። እዚያው በሩ ሥር ቁጭ ብዬ አለቀስኩ።

ሰውዬው ለካ ወፍጮ ቤቱን ነበር የሚጠብቀው። የኔ መኪና ሲነሳ ወደ አንቺ ይቀይራል፤ ሲቆም ወደ ፈረንጁ ይመልሳል። ጽሑፉን አያየው፣ ቢያየውም ፈረንጅኛ አያነብ። በጣቱ ነው የሸመደደው፤ እዚህ ድረስ ወደ ታች፣ አንዴ ወደ ጎን፣ ከዚያ መጫን፣ ልክ ማርሽ እንደማስገባት። ድምፅሽን እንዳልሰማ ብሎ የማለ ሰው ምን ብሎ ይመንልኝ? እኔስ ምን ብዬ ደረስኩብህ ልበለው?

ከዚያ ወዲህ ሥራ በሌለኝ ቀን እንኳ መኪናዬ ፊት እቀመጣለሁ። ክሩን አወጣና፣ ጨርቅም ሳላስገባ ዝም ብዬ እረግጣለሁ፣ አባትሽ ካንቺ ጋር እንዲነዳ ብዬ። ጎረቤቶች ዘንድሮ ሥራ በዛልሽ ይሉኛል። አዎ በዛልኝ እላቸዋለሁ። እንደዚያ ደስ ብሎኝ የረገጥኩበት ጊዜ የለም። አንድ ቀን ራሱ ያወጣዋል፣ አንቺም ትመጫለሽ ብዬ ራሴን አታልል ነበር።

ዓይኑ ግን ባሰበት። ሐኪሙ የቀረው ብርሃንና ጥላ ነው፣ እሱም አይቆይም አለን። ስክሪኑ ላይ ያለው መንገድ ለሱ ጭጋግ ነው። የሚነዳው በአንቺ አፍ ነበር።

ከዚያ ጌሙ ራሱን አደሰ። አንድ ቀን ሲከፍተው የማናውቀው ጽሑፍ መጥቶ ተደቀነበት። እሱ ምን እንደሆነ አያውቅ፣ እንዲጠፋለት ብሎ ተጫነው። ለካ ልታደስ ወይ ብሎ የሚጠይቅ ኖሯል። አዳዲስ ቋንቋዎች ተጨመሩበት፣ የኛ ወጣ። እኔ ይህን ሁሉ ያወቅሁት በኋላ ነው። ያን ዕለት እንደ ወትሮው ባዶውን እየረገጥኩ ነበር። እንደለመደው ቆጥሮ ተጫነ፤ በስመ አብ፣ የየት አገር ሰው እንደሆነ የማላውቀው ሰው ጮኸበት። እንደገና ቆጠረ፤ ሌላ ሴት መጣች፣ አንቺ አይደለሽም። እንደገና፤ ሌላ ሰውዬ። አንዱ ሲሄድ አንዱ ሲመጣ የዓለም ሕዝብ ሁሉ ያቺን ጠባብ ክፍል አጥለቀለቃት። እኔ እግሬ እስኪዝል ረገጥኩ፤ ባቆም አወቀችብኝ ብሎ ይተወዋል ብዬ። ላቤ ጠብ እያለ ረገጥኩ። በመጨረሻ ጸጥ አለ።

ኮምፒውተሩ አቧራ ይዞታል በሚል ሰበብ ባለሙያውን ጠራሁት። እሱም ነካክቶ ነካክቶ፣ በእጅ የተጨመረ ቋንቋ ስለሆነ አዲሱ አላወቀውም፣ በላው፤ የሠራችው ልጅ ቅጂው ካላት እንደገና ታስገባው አለኝ። አባትሽ ፊቱን ወደ መስኮቱ አዙሮ ያልሰማ መሰለ። እኔ ግን ልቤ ትንሽ ተጽናንታ ነበር፤ ልጄ ጠንቃቃ ናት፣ አትጥለውም አልኩ። ጓደኛሽ ቀሚሷን ይዛ የመጣች ቀን ጠየቅኋት። ያንን ኮምፒውተርሽን ሸጥሽው አሉ። የኔን ድምፅ የሚፈልገው የለም ብለሽ፣ ውስጡ ያለውን ሁሉ ደምስሰሽ። አልፈርድብሽም፣ እኔም ባንቺ ቦታ ብሆን ያንኑ አደርግ ይሆናል። ግን ያን ቀን ጓደኛሽን ሸኝቼ በሩን ስዘጋ፣ ከዚህ ቤት የወጣ ነገር እንደማይመለስ ገባኝ። ተስፋዬ ተሟጠጠ። እየጻፍኩልሽም ተስፋ ኖሮኝ አይደለም፤ ዝም ብዬ መቀመጥ አቃተኝ እንጂ።

አሁን መሪውን ይዞ ይቀመጣል። ብዙውን ጊዜ አይከፍተውም። ሲከፍተውም ወደ ኋላ ያስጠጋል፣ ያስጠጋል፣ በቃ የሚለው ስለሌለ ግድግዳ ይመታል። ያ ጓ የሚል ድምፅ ይሰማኛል። ከዚያ እንደገና። የምሰጠውን ምግብ ነካ አድርጎ ይመልስልኛል። ጢሙን ላጭልህ ስለው፣ ማን ሊያየኝ ይለኛል። እኔም ባዶዋን መኪናዬን እረግጣለሁ። ለምን እንደምረግጥ ግን አላውቅም።

ትናንት እንዲሁ ስረግጥ ግድግዳውን እየዳሰሰ መጣ። በሩ ላይ ቆሞ፣ ተዪው በቃ አለኝ። ምኑን ስለው፣ ክር የሌለውን መኪና አለኝ። ደነገጥኩ። ጭነት የያዘ ሞተርና ባዶውን የሚሄድ ሞተር በድምፁ የማይለይ ሹፌር፣ ሹፌር ነው እንዴ፣ ከመጀመሪያው ቀን ነው ያወቅሁት አለኝ። የተቆራረጠው ጨርቅ ክምር ላይ ተቀመጠ። ሁለታችንም የተያዘ ሌባ መሰልን። ብጣሽ ጨርቅ አንስቶ እየዳበሰ፣ ትጽፊላታለሽ አይደል አለኝ። አዎ አልኩት። ከዚያ ምን ቢለኝ ጥሩ ነው? ጌሙ ላይ ከሲሚንቶ መጋዘኑ ስንወጣ ግራ ትላለች፣ መንገዱ ግን ቀኝ ነው፣ ግራው ግንብ ነው፣ እንደገና ስትሠራው ታስተካክለው አለኝ።

ታዲያ አንተ በየት ትታጠፍ ነበር አልኩት። በግራ አለኝ። ግንብ መሆኑን እያወቅክ ስለው፣ ሁልጊዜ አለኝ። ለምን አልኩት። ረዳትሽ ግራ ካለሽ ግራ ነው፣ ካልሰማሽው ምን ብለሽ ጋቢና ታስቀምጪዋለሽ ብሎኝ ተነሳ። ለመውጣት ሲል በሩን ሳተው። እጁን ይዤ አሳለፍኩት። ሌላ ጊዜ ቢሆን ይነጥቀኝ ነበር፤ ትናንት ግን ተወልኝ።

አባትሽ ሰላም ብሎሻል አልልሽም። አላለም። ያለው ይህንኑ ነው፣ አንዲት ቃል ሳልጨምር ጻፍኩልሽ።

ትሠራዋለች ብዬዋለሁ። ኮምፒውተሩን መሸጥሽን አልነገርኩትም፣ ስልክሽ እንደማይሠራም አልነገርኩትም። አንቺን ነይ ወዲህ ብዬ የማስገድድበት አቅም የለኝም። አትምጪ፣ ግድ የለም። የድሮው ድምፅሽ ከጠፋ የአሁኑ ይበቃዋል፣ ሳል ቢኖርበትም። መንገዱን ሁሉ መሙላት ከከበደሽ፣ ማስጠጊያዋን ብቻ። ብርሃንና ጥላው ሲሄድ ጆሮው ይቀርለታል። እሱም ቢሆን ስንት ይቆያል፣ አላውቅም።

ይህን ስጽፍ ኮምፒውተሩን ከፍቶታል። ወፍጮ ቤቱ ቆሟል፣ ቤቱ ጸጥ ብሏል፣ በሩንም አልዘጋውም። ተሳቢውን ወደ ኋላ እያስጠጋ ነው። በጣም ቀስ ብሎ ነው የሚሄደው።

በይ ልጄ፣ በሄድሽበት ሁሉ መንገዱን ያቅናልሽ። ከኋላሽ ቆሞ የሚያይልሽ አይንሳሽ። ዓይንሽን ጠብቆ፣ ያዘንሽበትን አስረስቶ፣ ወልደሽ ለመሳም ያብቃሽ። እኔ እስካለሁ በሩ አይዘጋም።

እናትሽ