ያለ ቀረጥ የገባው ማሽን

ሐምሌ 9
ከሚሴ መብራት ከጠዋት ጀምሮ የለም። አብሮኝ የሚሠራው ሙጂብ ብየዳውን አቋርጦ በሩ ላይ ተቀምጦ ዝናቡን ያያል። ለሰው ቃል የገባንበት መስኮት ዛሬም አላለቀም። ባለቤቱ ሁለቴ ደወለ። ሁለተኛውን አላነሳሁም።
የማሾ ማበጠሪያው ማሽን ግን ተሠርቶ ቆመ። ሦስተኛው ሙከራዬ ነው። የመጀመሪያው ማሾውን ከነገለባው ይተፋ ነበር፣ ሁለተኛው ደግሞ ፍሬውን ይሰብር ነበር። ይሄኛው ድንጋዩን ለብቻ፣ አቧራውን ለብቻ፣ ማሾውን ለብቻ ያወጣል። አልሐምዱሊላህ። የቦርከናን ውሃ ወደ ማሳ በሚስቡበት የፓምፕ ሞተር ነው የሚዞረው። ጨፋ ውስጥ ያ ሞተር የሌለው ሰው የለም፣ መብራት አይጠብቅም።
ይንቀጠቀጣል እንጂ... ሲነሳ ቤቱ ሁሉ ይንቀጠቀጣል።

ሐምሌ 16
ሪያድ መጣ። አብረን ነው የተማርነው፣ አሁን ዞን ላይ የፈጠራ ሥራዎች ባለሙያ ነው። ማሽኑን ዞሮ ዞሮ አየው። ለክልሉ ውድድር ሊያቀርበኝ ነው።
«ስክሪን ነገር ብታደርጊበት» አለ።
«ምን እንዲያሳይ?»
«እንጃ... ዲጂታል እንዲሆን። ዘንድሮ ዲጂታል ነገር ነው የሚፈለገው።»
ሙጂብ መዶሻውን አስቀምጦ ወጣ። ሳቁን ውጭ ሰማሁት። ሪያድም ሰማ። እሱ ምን ያድርግ? ከላይ የተነገረውን ነው የሚናገረው።

ነሐሴ 2
ሼህ ሙሐመድዘይን ከጨፋ ሮቢት መጡ። የገበሬዎቹ ዩኒየን ሊቀመንበር ናቸው። የአምናውን ያልተበጠረ ማሾ በጆንያ ይዘው ነው የመጡት። እኔ የመረጥኩትን እንዳላሳያቸው መሆን አለበት። ጎበዝ ሽማግሌ።
አፈሰስነው። ሞተሩን አስነሳን። ከታች የወጣውን በመዳፋቸው ዘግነው በሩ ጋ ወጥተው በብርሃን አዩት።
«እኛ እኮ ከነድንጋዩ ጭነን ነው የምንልከው» አሉ። «የሚበጠረው ሌላ አገር ሄዶ ነው። ትርፉም እዚያው ይቀራል። ለየመጋዘኖቻችን አንድ አንድ ያስፈልገናል። ለአዝመራው ትደርሻለሽ?»
«ኢንሻአላህ እደርሳለሁ።»
«ኢንታላ ኮ፣ ልጄ፣ አንቺ እያለሽ የት እንሄዳለን?»
ከሄዱ በኋላ ሙጂብ ዘፈነ። ሲዘፍን ሰምቼው አላውቅም። ድምፁ መጥፎ ነው። ሚስቱ ልትወልድ ነው፣ የተከራዩት ክፍል ለሦስት አይበቃም።

ነሐሴ 11
ላሜራ ልገዛ ኮምቦልቻ ሄድኩ። ወፍራሙ አይቀመስም። ባለሱቁን «ባለፈው እኮ እንዲህ አልነበረም» አልኩት። «ቀረጡ ነው እህቴ፣ እኔ ምን ላድርግ» አለኝ። ስሱን ገዝቼ ተመለስኩ።
ሙጂብ በጣቱ አጎበጠው። «በዚህ ነው የምንሠራው?» አለ።
«በዚህ ነው።»
«እንግዲያው ይንቀጠቀጣል።»
አዎ፣ ይንቀጠቀጣል። የሚንቀጠቀጠው ዕውቀት አጥተን አይደለም። ይሄን ለማን ነው የምነግረው?

ነሐሴ 25
ውድድሩ ደሴ ነበር። ሁለተኛ ወጣሁ። ዋንጫ ሰጡኝ፣ ከትልልቅ ሰዎች ጋር ፎቶ ተነሳሁ። አንደኛ የወጣው ልጅ በስልክ የሚታዘዝ የቆሻሻ ማጠራቀሚያ ሠርቶ ነው። ክዳኑ ይከፈታል፣ ይዘጋል።
ዳኛው «የእርስዎ አዲስነቱ ምኑ ላይ ነው?» አለኝ። ማበጠሪያ ድሮም ነበር አልኩት፣ እዚህ አካባቢ ግን የለም። ማሾውን የማይሰብር፣ በፓምፕ ሞተር የሚዞር የለም። ራሱን ነቀነቀ። ምን እንደጻፈ አላየሁም።
እናቴ ግን ዋንጫውን ይዛ ጎረቤት ለጎረቤት ዞረች። እናቴን ረቢአን ከእንግዲህ ማን ይችላታል... ደስ ብሏታል፣ ደስታዋን ማበላሸት አልፈለግኩም።

መስከረም 10
እንግዶች። ከዘመን መለወጫ ወዲህ ሁለተኛው ቡድን ነው። ሪያድ ቀድሞ ይደውላል፣ ቤቱን እንጠርጋለን፣ ብየዳ ይቆማል፣ ማሽኑን ባዶውን እናስነሳለን፣ ያጨበጭባሉ፣ ፎቶ ይነሳሉ፣ ይሄዳሉ። ዛሬ ግማሽ ቀን ሄደ። የዩኒየኑ የመጀመሪያ ማሽን ግን እግሩ እንኳ አልተበየደም።
አንዷ ሴትዮ «በርቺ፣ የአገር ተወዳዳሪነት በእናንተ ነው» አለችኝ። ከልቧ ነው። በጆሮዋ ላይ ያለው ወርቅ ያምራል።

መስከረም 19
ሼህ ሙሐመድዘይን ደወሉ። ሰላምታው ረዘመ። እናቴን ጠየቁ፣ ሙጂብን ጠየቁ፣ ዝናቡን ጠየቁ... ያኔ ገባኝ።
ዩኒየኑ በጨረታ ካልሆነ መግዛት አይችልም ተብሏል። ጨረታው ደግሞ የፍተሻ ሰርተፍኬት ይፈልጋል፣ ከዚህ በፊት ማሽን ያቀረበ ሰው ይፈልጋል። ሰርተፍኬቱን ለማግኘት ማሽኑን ጭኖ ሩቅ መሄድ፣ እዚያም ወረፋ መጠበቅ ነው። አዝመራው አይጠብቅም። ያሸነፈው ኢልያስ የሚባል የኮምቦልቻ አስመጪ ነው። ማሽኑን ቀድሞ ከውጭ አስመጥቶ አስቀምጦታል።
«ዋጋው ካንቺም ያንሳል» አሉኝ። «አውፍ በይኝ ኢንታላ ኮ፣ አፍሬ ነው የደወልኩት።»
«አብሽሩ ሼህ። ያንሳል እንዴት?»
«የእርሻ ማሽን ስለሆነ ያለ ቀረጥ ነው የገባው አሉ።»
ያለቀለት ማሽን ያለ ቀረጥ ይገባል። እኔ ማሽን የምሠራበት ላሜራ ግን ቀረጥ አለበት። ሁለቱንም ሕግ ያወጣው አንድ መንግሥት ነው። ሁለቱንም የጻፉት ሰዎች አንድ ካፌ ውስጥ ይገናኙ ይሆን?

መስከረም 20
ሥራ አልገባሁም።

መስከረም 28
ማሽኑን ላየው ሮቢት ሄድኩ። እንድጠላው ነበር የሄድኩት።
ጥሩ ማሽን ነው። እዚህ ብቻ ልጻፈው፣ ለማንም አልናገረውም። ድምፅ የለውም። ላሜራው ወፍራም ነው፣ ጠርዙ ለስላሳ ነው። ማሾው እንደ ውሃ ይወርዳል። ከኔው ጋር አንድ ዓይነት ሐሳብ ነው። አንድ ዓይነት። ወንፊቱ ያዘነበለበት ልክ እንኳ... ልዩነቱ ዕቃው ነው። እኔ የምፈልገውን ዕቃ ያገኘ ሰው የሠራው ማሽን።
ሼህ ሙሐመድዘይን አጠገቤ ቆመው ፊቴን ያያሉ። «ደንሳዳ» አልኳቸው። ጥሩ ነው። ትከሻዬን ቸብ አድርገው ወደ መጋዘኑ ገቡ።
መብራት የጠፋው ወዲያው ነው። ማሽኑ ቆመ። በመብራት ብቻ ነው የሚሠራው። ጋሪ ይዘው የተሰለፉት ገበሬዎች እየተነጫነጩ ጥላ ፈለጉ። ደስ ሊለኝ ይገባ ነበር አይደል? አላለኝም። የነሱ ማሾ እኮ ነው የቆመው።

ጥቅምት 7
ስለ አዲሱ የፈጠራ ፖሊሲ ረቂቅ ውይይት ነበር፣ እዚሁ ከሚሴ። አዳራሹ ሞልቷል። መድረኩ ላይ «ፈጠራ ለብሔራዊ ተወዳዳሪነት» የሚል ትልቅ ጨርቅ። አወያዩ ከአዲስ አበባ የመጣ ወጣት ነው፣ ጨዋ ነው፣ ጥሩ ይናገራል። ሥነ ምህዳር፣ ማዕቀፍ፣ ትስስር... አጠገቤ ያለው ሰውዬ እንቅልፍ ወሰደው።
አንድ ሽማግሌ ተነሥተው «ፈጣሪ አላህ ብቻ ነው። እናንተ ፈጣሪ የምትሉት ማንን ነው?» አሉ። ሰው ሳቀ። ወጣቱም ሳቀና አስረዳቸው። ሽማግሌው ግን አልሳቁም፣ መልሱን እስከ መጨረሻው አዳመጡ።
ከዚያ እኔ ተነሣሁ። በአማርኛ ጀምሬ መሃል ላይ ወደ ኦሮምኛ ገባሁ፣ ከዚያ ደግሞ ተመለስኩ። «ሽልማት አልፈልግም» አልኩ። «ጉብኝትም አልፈልግም። የምሠራበት ላሜራ ውጭ አገር ተሠርቶ እንደመጣው ማሽን ይታይልኝ። እኩል ካደረጋችሁን እኛው እንወዳደራለን። ችግሬ ግብዓት ነው፣ ግብዓት የለኝም።»
«በጣም ጥሩ ግብዓት ነው፣ እናመሰግናለን» አለና ጻፈ።
ቆሜ ቀረሁ። ቃሉ አንድ ነው። እኔ ዕቃ አጣሁ እላለሁ፣ እሱ አስተያየት አገኘሁ ይላል። ተቀመጥኩ። ምሳ ነበር፣ አልበላሁም።

ጥቅምት 9
ሪያድ ደወለ። የውይይቱን ሪፖርት እሱ ነው ያዘጋጀው።
«ያንቺን ትንሽ አለዝቤ ነው የጻፍኩት» አለ።
«ምን ብለህ?»
«የዘርፉ ተዋናዮች ለተደረገላቸው ድጋፍ አመስግነው የግብዓት አቅርቦት ቢጠናከር...»
«እኔ አመሰገንኩ?»
«ሳቢራ፣ ማሎ፣ እባክሽ፣ እኔም ሥራ አለኝ። ልጆች አሉኝ።»
ማሎ ሲል ድምፁ ተሰበረ። ልቆጣው ነበር፣ አቃተኝ። ከዚያ ስለ ልጆቹ ጠየቅኩት።

ጥቅምት 17
ሙጂብ ዛሬ ማለዳ ከእኔ ቀድሞ ገብቶ ነበር። ዕቃዎቹን ሁሉ ጠርጎ በቦታቸው ሰቅሏቸዋል። እንዲህ አድርጎ አያውቅም።
«ኢልያስ ኮምቦልቻ ላይ መገጣጠሚያ ሊከፍት ነው» አለኝ። «በያጅ ይፈልጋል። ጠርቶኛል።»
«መቼ?»
«ሰኞ።»
ሚስቱ ወልዳለች። ሴት ልጅ ናት። አንድ ወር ሙሉ ከመስኮትና ከበር ሌላ ሥራ አልሰጠሁትም።
«ተቆጣሽ?» አለ።
«አይ።»
«ተቆጥተሻል።»
«አንተ ላይ አይደለም» አልኩት። እውነቴን ነው። ሲወጣ የብየዳ መነጽሩን ትቶ ሄደ፣ የኔ መስሎት ይሆናል። ስድስት ዓመት አብረን ሠራን።

ጥቅምት 30
በር። መስኮት። በር።

ኅዳር 5
ኢልያስ ራሱ መጣ። ወፍራም፣ ኩራተኛ ሰው ጠብቄ ነበር። ቀጭን ነው፣ ጫማው በጨፋ ጭቃ ተለውሷል። ከሮቢት መምጣቱ ነው።
«ማሽኔ መብራት በጠፋ ቁጥር ይቆማል» አለ። «ሼህ ሙሐመድዘይን ተቆጥተዋል። ያንቺ በፓምፕ ሞተር ይሠራል ብሎ ሙጂብ ነገረኝ። ላየው?»
አሳየሁት። ሞተሩን አስነሳሁለት። ቤቱ ተንቀጠቀጠ። ሳይስቅ አየ። በርከክ ብሎ ከሥር የሞተሩን ቀበቶ አያያዝ አየ፣ ጠየቀ፣ እንደገና ጠየቀ። ይሄን ያህል የጠየቀኝ ሰው የለም። ዋንጫ የሰጡኝም አልጠየቁኝም።
«ነይ አብረሽኝ ሥሪ» አለ። «የመገጣጠሚያውን ሥራ አንቺ ትመሪዋለሽ።»
«ማሽንህን ለገዢዬ ሸጥክብኝ፣ ሙጂብን ወሰድክብኝ። አሁን ደግሞ እኔን?»
አልተቆጣም። «እህቴ፣ ሕጉን እኔ አላወጣሁትም። እኔም እዚህ መሥራት ፈልጌ ነበር። ሲሰላ አላዋጣኝም፣ ሄጄ አመጣሁ። አሁን ለመገጣጠሚያ የሚሆን ዕቃ ያለ ቀረጥ ማስገባት ተፈቅዶልኛል። ላሜራም ጭምር።»
«ለኔስ ለምን አይፈቀድም?»
«ላንቺም ይፈቀዳል። በኮንቴይነር ካስመጣሽ።»
በኮንቴይነር። እኔ በጋሪ የማስመጣው ሰው...
አስብበታለሁ አልኩት። እሱ ሲሄድ ለምን እንደሆነ አላውቅም፣ አለቀስኩ። የሚጠላ ሰው ቢሆን ይቀለኝ ነበር።

ኅዳር 8
እናቴ «ቤትሽን ዘግተሽ ለሰው ልትቀጠሪ?» አለች። ሪያድም ሰምቶ መጣ። «ዞኑ ያለ ሞዴል ፈጣሪ ሊቀር ነው» አለ። ቀልዱን ነው መሰለኝ። አይደለም መሰለኝ።
ሁለቱም እውነት አላቸው። ግን ቆይቼ ምን ልሠራ? በርና መስኮት መሥራት አላሳፈረኝም። ማሽን እንደምችል እያወቅኩ በር ስሠራ መኖር ነው ያስፈራኝ።

ኅዳር 22
ኮምቦልቻ ከገባሁ አንድ ሳምንት። ጠዋት በሚኒባስ እመጣለሁ፣ ማታ ወደ ከሚሴ እመለሳለሁ። የከሚሴውን የብየዳ ቤት የሲሚንቶ ነጋዴ ተከራይቶታል።
ዛሬ በፓምፕ ሞተር የሚዞረውን የመጀመሪያውን ጨረስን። የኔ ወንፊት፣ የኔ አያያዝ፣ የሱ ላሜራ። ሙጂብ በየደ። ስናስነሳው ሁላችንም ወለሉን አየን፣ አይንቀጠቀጥም፣ ከዚያ እርስ በርስ ተያየን። ደስ አለኝ። ወላሂ በጣም ደስ አለኝ፣ ያናደደኝም እሱ ነው። ይሄንኑ ከሚሴ ላይ በራሴ ስም መሥራት እችል ነበር። ማሽኑ ላይ የሚለጠፈው የኢልያስ ድርጅት ስም ነው። የመጀመሪያው ግን ለሼህ ሙሐመድዘይን ነው የሚሄደው፣ ነገ ይጫናል።
ከሰዓት በኋላ፣ ሁለተኛውን እየለካሁ ሳለ ሪያድ ደወለ። ከክልል እንግዶች መጥተዋል፣ ሞዴል ፈጣሪዋን ማየት ይፈልጋሉ። አንድ ሰዓት ብቻ፣ መኪና ይልኩልኛል፣ ሲሚንቶውን ወደ ጎን እናስጠጋዋለን...
«ሥራ ላይ ነኝ» አልኩት።
«አንድ ሰዓት እኮ ነው።»
«ሪያድ፣ ሥራ ላይ ነኝ።»
ዘጋሁት። ሙጂብ የላሜራውን ሌላኛውን ጫፍ ይዞ እየጠበቀኝ ነበር።