ጫማቸውን መያዣ የሰጡት ሾፌር፣ አቶ ኃይለኢየሱስ አሊ (1964–2017 ዓ.ም.)

አባታችን አቶ ኃይለኢየሱስ ከአባታቸው ከአቶ አሊ እና ከእናታቸው ከወ/ሮ ማሚቱ በ1964 ዓ.ም. በወሎ ተወለዱ። በ1977 ዓ.ም. ድርቁ ቤተሰቡን ከቀዬው ነቅሎ በሰፈራ ወደ ጋምቤላ ሲያመጣው የአሥራ ሦስት ዓመት ልጅ ነበሩ። በአቦቦ እስከ ስምንተኛ ክፍል ተምረው፣ በረዳትነት ጀምረው ሾፌር ሆኑ። በ1989 ዓ.ም. ከወ/ሮ ቤርሳቤ ጋር ጋብቻ መሥርተው ወንድሜን ወንዶሰንንና ይህን የምጽፈውን እኔን ፍሬሰንበትን ወልደዋል። ግትር ነበሩ፤ የሚያውቃቸው ሁሉ ይመሰክራል።

በመጋቢት 2011 ዓ.ም. ከፑኝዶ ተሳፋሪ ጭነው ሲመለሱ አይሱዙዋቸው ከጎግ ርቆ፣ ሰው በሌለበት ጫካ ተሰበረ። ኔትወርክ የለም፤ ውሃው አንድ ጄሪካን ብቻ ነበር። በማግስቱ ውሃው ሊያልቅ ሲል አቶ ጋትደት የተባሉ ተሳፋሪ እርጉዝ ባለቤታቸውን ወ/ሮ ኛዱዎፕን ይዘው በእግር ለመሄድ ተነሡ። ሌላውም ሊከተላቸው ቆረጠ። አባታችን በዚያ የቀትር ፀሐይ የሚሄድ እንደማይደርስ ያውቁ ነበርና ለመኑ፤ የሰማቸው የለም። ተሳፋሪው ጉልበት ለመሰብሰብ ጫማውን አውልቆ ከመኪናው ሥር ጋደም ሲል የሁሉንም ጫማ ለቅመው ጋቢና ውስጥ ቆለፉበት። መሬቱ ይፋጃል፣ የተቃጠለው ሣር ጉቶ እንደ ሚስማር ቆሟል። ስድቡና እርግማኑ ወረደባቸው፤ አቶ ጋትደት ድንጋይ አነሡ። አባታችን በሩን ተደግፈው ቆሙ እንጂ ቁልፉን አልሰጡም።

ፀሐይ ስታዘቀዝቅ አባታችን፣ «መንገዱን የማውቀው እኔ ስለሆንኩ እኔው ሄጄ ውሃ አመጣለሁ» አሉ። አቶ ጋትደት ግን «ጥሎን ሊጠፋ ነው» ብለው የእርሳቸውንም ጫማ መያዣ ጠየቁ። አባታችን አውልቀው ሰጡ፤ የጋቢናውንም ቁልፍ ጨመሩላቸው። በማግስቱ ረፋድ ላይ ውሃ በጫነ መኪና ሲመለሱ እግራቸው በጨርቅ ተጠቅልሎ ነበር። አንድም ሰው አልሞተም። ጋቢናውም እንደተቆለፈ ነበር።

እግራቸው ድኖ ለዓመታት ነዱ። በ2016 ዓ.ም. የስኳር ሕመም ያዛቸውና እግራቸው ዳግም ቆሰለ። ሐኪሙ ከስኳሩ ነው ቢልም አቶ ጋትደት አላመኑም፤ በመጡ ቁጥር ያን እግር እያዩ ያለቅሱ ነበር፤ አባታችንም ይቆጧቸው ነበር። በሕክምና ሲረዱ ቆይተው ሐምሌ 9 ቀን 2017 ዓ.ም. በሃምሳ ሦስት ዓመታቸው ዐረፉ።

ከባለቤታቸውና ከሁለት ልጆቻቸው ሌላ፣ ያን ቀን የተረፉት ሁሉ ዛሬ ሐዘንተኞች ናቸው። አቶ ጋትደት ከትናንት ጀምሮ ባዶ እግራቸውን ናቸው። አባታችን ይህን ቀድመው ስላወቁ ጫማቸውን ለእርሳቸው ተናዘዋል። አቶ ጋትደት፣ ጫማው ከአስከሬን ሳጥኑ አጠገብ ነው፤ ሳያደርጉት አባታችንን እንዳይሸከሟቸው፤ የኑዛዜ ቃላቸው ነው።

አምላክ ነፍሳቸውን ውሃና ጥላ ካለበት ያሳርፍልን።