የጋሽ ሬጅ ጫማ ማሰሪያ

ኦክቶበር 7፣ 1996፣ ሰኞ፣ ማታ 2 ሰዓት

ዛሬም ለእግር ጉዞ አልወጣንም። ተንበርክኬ የሚስተር ኮልማንን ጫማ ማሰር ስጀምር እግራቸውን ሰበሰቡ። ሶፋው ላይ ተመልሰው ቁጭ። ግድግዳ ማየት። ሻይ አፈላሁ፤ ወተት አነሰው ተብሎ እሱም ተመለሰ።

ደብተሬ፣ ሚስተር ኮልማንን አስተዋውቄህ አላውቅም። እንግሊዛዊ ናቸው፣ ሰባውን ያለፉ። በጉብዝናቸው ዘመን በአገራቸው የታወቁ ኳስ ተጫዋች፣ ተከላካይ ነበሩ። ስማቸው ሬጅ ነው፤ እኔ በልቤ ጋሽ ሬጅ እላቸዋለሁ። እዚህ አሜሪካ፣ ከምኖርበት ከፍሩትቬል በባቡር እየመጣሁ፣ ሄይዋርድ ቤታቸው ተቀጥሬ እጦራቸዋለሁ።

ከሰዓት በኋላ ልጃቸው ሱዛን ደወለች። ሳኒቬል፣ ኦፊስ ነው የምትሠራው። አባቷ መራመድ ካቆሙ ሳን ሆዜ ያለ የአረጋውያን መጦሪያ ልታስገባቸው ነው። ቅዳሜ መጥታ ታያለች። ፓርኩ ድረስ ሄደው ከተመለሱ ይቆያሉ። ካልሆነ ሰኞ ይሄዳሉ። እሳቸው ደግሞ ከዚህ ቤት በሬሳ ካልሆነ አልወጣም ብለዋል።

ማክሰኞ

ጫማ ቀየርኩላቸው። ማሰሪያ የሌለው፣ እንደ ሕፃን ጫማ የሚለጠፍ። በብልሃቴ ኮራሁ። አገላብጠው አዩትና ቆሻሻ ውስጥ ጣሉት። አወጣሁት። መልሰው ጣሉት። ሱዛን የመርሳት በሽታው ነው ትላለች። እኔም አምኛለሁ። እንደገና አውጥቼ ካርቶኑ ውስጥ ከተትኩት።

ረቡዕ

ዝናብ። ዝናብ ሲጥል ወሬ ይቀናቸዋል። ከድንጋይ ከሰል ጉድጓድ ያወጣቸው ኳስ ነው። ሜዳ የሚሄዱት ከደጋፊው ጋር በአንድ አውቶቡስ። ኳስ በማይኖርበት ወራት ጡብ መደርደር። ኳሱ ቆዳ ነው፣ ዝናብ ሲጠጣ ይከብዳል። በቴስታ ሲመቱት ስፌቱ ያቆሰላቸውን ግንባራቸውን አስዳሰሱኝ።

ከዚያ የዋንጫ ግማሽ ፍጻሜ። ብርድ። ጣታቸው ደንዝዞ አሠልጣኛቸው ተንበርክኮ ጫማቸውን አሰረላቸው። ከዕረፍት በፊት እግራቸው ተሰበረ። ኳስ በዚያው አበቃ። አሜሪካ፣ የቧንቧ ሥራ። ከዚያን ቀን ወዲህ ጫማቸውን ማንም አስሮላቸው አያውቅም፣ ሚስታቸው እንኳ። አንቺ እስክትመጪ ድረስ፣ አሉኝ።

አፈርኩ። እኛ ዘንድ ሽማግሌ ሲያጎነብስ ቆሞ ማየት ነውር ነው። ቅንድብ ያበጀሁ መስሎኝ ዓይን ሳጠፋ ከርሜያለሁ።

ሐሙስ

አሮጌውን ባለማሰሪያ ጫማ ፊታቸው አስቀመጥኩ። ተቀመጥኩ። እጄን ከጭኔ ሥር ከተትኩ። ግራውን አስቀደሙ። ማሰሪያው ከጣታቸው ያመልጣል። እንደገና። የኔ ሻይ ቀዘቀዘ። እጄ ላግዝ ላግዝ ይላል፤ ተጫንኩት። ታሰረ፣ ጠማማ ሆኖ። ፓርክ ደረስን፤ ተመለስን። እሳቸው ሶፋቸው ላይ ተመልሰው ቁጭ። እኔ ግን ደስ ብሎኛል፣ ላንተ ምን እደብቅሃለሁ።

ዓርብ

ለሱዛን ደወልኩ። ቅዳሜ ታገሺ፣ ጫማቸውን ራሳቸው ይሰሩ አልኳት። ሚቲንግ ላይ ነበረች። እሺ እሺ ብላ ዘጋች። የሰማችኝ አይመስለኝም።

ቅዳሜ፣ 5 ሰዓት

ሱዛን መጣች። ኮቷን አላወለቀችም። ጋሽ ሬጅ ግራውን ጨረሱ። ቀኙ እንቢ አለ። ሱዛን ሰዓቷን አየች። ኦ ዳዲ አለች፤ ልትንበረከክ ተነሳች። ክንዷን ያዝኩ። የሠራተኛ እጅ የአሠሪ ክንድ ላይ! ከሥራ መባረሬ ነው ብዬ ነበር፤ ግን አልለቀቅኩም። ጋሽ ሬጅ ቀና ብለው እጄን አዩ። ወደ ማሰሪያቸው ተመለሱ።

ታሰረ።

አባትና ልጅ ብቻቸውን ወጡ። እኔ ኩሽና ቀረሁ። አንድ ሳህን ደጋግሜ አጠብኩ።

7 ሰዓት

ፓርኩ ደርሰው ተመልሰዋል። የሱዛን ዓይን ቀልቷል። ስለ ግማሽ ፍጻሜው ዛሬ ገና መስማቷ ነው። የሚለጠፈውን ጫማ ካርቶን አንሥታ፣ ለሱቁ ሪተርን አደርገዋለሁ አለች። ሰኞ ስመጣ ወተት እንዳልረሳ አሳስባኝ ሄደች።

ጋሽ ሬጅ ጫማቸውን ሳያወልቁ ሶፋው ላይ እንቅልፍ ወስዷቸዋል። እግራቸው ይደክማል ብዬ ላወልቅላቸው ጎንበስ አልኩና እጄን ሰበሰብኩ፤ ሲነቁ ራሳቸው ይፈቱታል።