ያላረዳሁሽ መርዶ

ሎስ አንጀለስ፣ ፌርፋክስ
ሰኔ 12 ቀን 2017 ዓ.ም.፣ የቅዱስ ሚካኤል ዕለት

ለምወድሽ ልጄ ለራኬብ፣

ኒውዮርክ እንደምን ይዞሻል? እኔ አምላክ ይመስገን ደህና ነኝ። ጉልበቴ ደረጃ ላይ ትንሽ ይለግማል እንጂ ሌላ የሚወራ የለኝም። ስልክ እያለ ደብዳቤ ምን አመጣው እንዳትዪ። በስልክ እኔና አንቺ ለበዓል "እንኳን አደረሰህ"፣ "እንኳን አብሮ አደረሰን" ከተባባልን በኋላ የምንለው ይጠፋናል፤ ይኸው ሦስት ዓመት አለፈን። የዛሬው ነገሬ ደግሞ በሁለት ደቂቃ አያልቅም። እናትሽ ፊደል ስታስቆጥርሽ "ለአሜሪካ ልጅ ምን ይሠራላታል?" ያልኩት እኔ ነበርኩ። ዛሬ ለእኔ ሠራልኝ። ትልልቅ አድርጌ እጽፋለሁ፣ አንቺም ቀስ ብለሽ አንብቢው።

እዚህ ሁሉም እንዳለ ነው። እኔም እዚያው ፓርኪንግ ነኝ፣ ግን ጠዋት ጠዋት ብቻ። ስለዚህ ከሰዓት በኋላ ሥራዬ አንቺን ማየት ሆኗል። ያ መርማሪ ሆነሽ የምትሠሪበት ፊልም አራተኛ ዓመቱን ያዘ አይደል? ድምፁን አጥፍቼ ነው የማይሽ። እንግሊዝኛው ስለሚፈጥንብኝ ብቻ አይደለም፤ ድምፁ ሲጠፋ ፊትሽ ብቻ ይቀርልኛል። ሰው ሲዋሽሽ ቀኝ ቅንድብሽን ብቻ ታነሺያለሽ። እናትሽ ዕንቁ ሥጋ ሻጩ ሚዛን ሲያጭበረብራት የምታደርገው ነበር። ያንን ለማየት ስል አንዱን ክፍል አራት አምስት ጊዜ እመላልሰዋለሁ። በመጨረሻው ላይ ከስተሻል። ምግብ ብዪ።

መጀመሪያ ቴሌቪዥን ላይ የወጣሽ ለታ ትዝ ይልሻል? ሱቅ ውስጥ ገንዘብ ተቀባይ ሆነሽ "ከረጢት ይፈልጋሉ?" ብቻ ያልሽበት። ወሰንየለሽ ምግብ ቤቷ ውስጥ ሙዚቃውን አጥፍታ፣ ሰው ሁሉ ማንኪያውን አስቀምጦ አጨበጨበልሽ። ጋሽ ጳውሎስ "ይቺን ለማለት ነው አራት ዓመት ኮሌጅ?" ቢሉ፣ እናትሽ "እርስዎ ሠላሳ ዓመት ታክሲ ሲነዱ አንድ ቀን ተጨብጭቦልዎት ያውቃል?" አለቻቸው። በሌላው ፊልም በጥይት የሞትሽ ጊዜ ደግሞ እትዬ ባንቺአየሁ፣ ውሸት መሆኑን እያወቁ፣ በማግስቱ ቤተ ክርስቲያን ሄደው ጧፍ አብርተውልሽ መጡ።

ከሁሉ የሚናፍቀኝ ግን የወጥ ቤቱ ልምምዳችሁ ነው። አንቺ የራስሽን ቃል ትያለሽ፣ ዕንቁ ወረቀቱን ይዛ የቀረውን ሰው ሁሉ ትሆናለች፤ ዳኛ፣ ፖሊስ፣ ከዳተኛ ባል። ፓልምስ ሰፈር ካለው የአረጋውያን መጦሪያ ሥራዋ ላይ ቆማ ውላ፣ እግሯ አብጦ መጥታ፣ ያን ጊዜ እንኳ አትቀመጥም። በሩ ላይ ሆኜ "ዛሬ ደግሞ ማን ነሽ?" ስላት "ዝም በል፣ ፍርድ ቤት ነው" ትለኛለች። ና አንተም አንዱን ያዝ ስትሉኝ፣ በእንግሊዝኛዬ አፍሬ አንድም ቀን እሺ አላልኩም። ኒውዮርክ ከሄድሽ በኋላም አልተዋችሁትም። አዲስ ቴአትር ሊከፈት ሲል የመጨረሻውን ገጽ በፖስታ ትልኪላታለሽ፤ መክፈቻው ሲቃረብ በስልክ አብራችሁ ትወጡታላችሁ። ያን ገጽ ከእናትሽ ጋር ሳትወጪው መድረክ ረግጠሽ አታውቂም፣ ከዚያች መጋቢት በቀር።

አሁን የማታውቂውን ልንገርሽ። ባለፈው ግንቦት ፓሳዴና መጥተሽ ስትጫወቺ አይቼሻለሁ። መምጣትሽን አልነገርሽኝም፤ አልተቀየምኩም። ማስታወቂያውን ያሳየችኝ ወሰንየለሽ ናት። ቅዳሜ ከሰዓት ሱፌን ለብሼ በባቡር ሄድኩና ከመጨረሻው ረድፍ ተቀመጥኩ። ሐኪም ነበርሽ። አንዱን ሽማግሌ ሚስቱ መሞቷን ትነግሪዋለሽ። ወንበር ሳብሽ፣ ጉልበትሽ ጉልበቱን እስኪነካ ቀረብሽው፣ ዓይኑን እያየሽ "ሞታለች" አልሽው። ሌላ ቃል አልጨመርሽም። ተነስተሽም አልሄድሽም፤ ቁጭ ብለሽ ጠበቅሽው። ከጎኔ የተቀመጡ ነጭ ሴትዮ ደህና ነህ ወይ አሉኝ። "ልጄ ናት" አልኳቸው። እጄን ይዘው መጋረጃው እስኪዘጋ አልለቀቁኝም።

ሲያልቅ በጓሮ በር ከሚጠብቅሽ ሰው ኋላ ቆምኩ። ኮፍያ አድርገሽ ወጣሽ፤ በያዙት ወረቀት ላይ እየፈረምሽ፣ ከሁሉም ጋር እየሳቅሽ። ከእኔ እስከ አንቺ ሦስት መኪና የሚቆምበት ቦታ ነበር። ልጄ፣ እንደ ሌባ ዞሬ ሄድኩ። ባቡር ውስጥ ራሴን ስጠይቅ፣ ያሸሸኝ ቁጣሽ አልነበረም። አንቺ በሁለት ሰዓት ውስጥ ለማታውቂው ሽማግሌ ያደረግሽውን፣ እኔ ለገዛ ልጄ በሦስት ዓመት አለማድረጌ ነው።

ዕንቁ ያረፈች ጊዜ የሆነውን ሁለታችንም እናውቃለን። መርዶ በስልክ አይነገርም፤ ሰው ተሰብስቦ፣ በማለዳ በር ተንኳኩቶ፣ የሚደግፍ እጅ ተዘጋጅቶ ነው። ስለዚህ እነ ጋሽ ጳውሎስ ኒውዮርክ ካሉ ምእመናን ሦስት ሰው ለምነው እሑድ ማለዳ እንዲያረዱሽ ተስማማን። ቅዳሜ በመክፈቻሽ፣ በእረፍቱ ሰዓት፣ አንድ የማታውቂው ሰው "እግዚአብሔር ያጥናሽ" ብሎ ስልክሽ ላይ ጻፈ። አንቺም ተመልሰሽ ወጥተሽ ቴአትሩን ጨረስሽ። እንዴት እንደቻልሽው አላውቅም። እሑድ ስትገቢ፣ በለቅሶተኛው ፊት፣ "አባዬ፣ ሐሙስ ስደውል ተኝታለች አልከኝ። ትሰማ ነበር?" ብለሽ ጠየቅሽኝ። "ከረቡዕ ጀምሮ ራሷን አታውቅም ነበር" አልኩሽ። አመንሽኝ። የተቀየምሽኝ መርዶውን ስላዘገየሁ ነው። እኔም ይህን ቅያሜ ተቀብዬ፣ ከእሱ በሚብሰው ላይ ክዳን አድርጌ ኖርኩ።

እዚህ ላይ አቁሚ። የሚቀጥለውን ገጽ ብቻሽን አታንብቢው። ጓደኛሽን ሶሊያናን ጥሪያት፣ ከጎንሽ ትቀመጥ። እስክትመጣ ውኃ ጠጪ። ደንቡን ዛሬ እንኳ በወጉ ልፈጽመው።

መጣች? ኦኬ።

ራኬብ ልጄ፣ ሐሙስ ስትደውዪ እናትሽ ነቅታ ነበር። ትራስ አስደግፌያት፣ የላክሽላትን ገጽ ደረቷ ላይ ይዛ፣ መነጽሯን አድርጋ ስልኩ እስኪጮህ ትጠብቅ ነበር። ሲጮህ እጇን ዘረጋች። እኔ ስልኩን አንስቼ ወደ መስኮቱ ዞርኩና "ተኝታለች" አልኩሽ። ሰምታኛለች። ካለችበት ሆና ድምፅሽንም ሰምታዋለች።

ለነፍስ አባቴ ስናዘዝ፣ የልጄ ሥራ እንዳይበላሽባት ብዬ ነው አልኳቸው። ስግደት አዘዙኝ፤ ስግደቱ ቀላል ነው፣ ጉልበቴ ይለምደዋል። ግን ለእሳቸውም እውነቱን አልተናገርኩም። ሐኪሙ ያን ዕለት ጠዋት ልቧ እየደከመ ነው፣ ልጅ ካላችሁ አስጠሩ ብሎኝ ነበር። ድምፅዋ ሰልሎ ነበር። ብትሰሚው ወዲያው ይገባሽ ነበር፣ በዚያው ትመጪ ነበር። አንቺ ሻንጣ ይዘሽ በክፍሏ በር ከገባሽ ደግሞ ዕንቁ እየሞተች ነው ማለት ነው። አንቺ እስካላወቅሽ ድረስ ለእኔም እውነት አልነበረም። ለአንቺ ብዬ አይደለም ልጄ። ለራሴ ነው። በደንባችን አሳበብኩ እንጂ፣ ደንቡ የሚያዘገየው የሞተን ሰው መርዶ ነው። እናትሽ አልሞተችም ነበር።

ስልኩን ስዘጋ አየችኝ። አልተቆጣችም። ብትቆጣ ይሻለኝ ነበር። "ገጹን ሳታነብልኝ መድረክ ልትወጣ ነው?" አለች። ነገ ትደውላለች አልኳት። ወረቀቱን ዘረጋችልኝና "እንግዲያው አንተ ራኬብን ሁን" አለችኝ።

ሆንኩ። ያን ሁሉ ዓመት እምቢ ያልኩትን፣ በዚህ በተሰባበረ እንግሊዝኛዬ፣ አንቺን ሆንኩ። እሷ ገጹ ላይ ያለችውን እናት ያዘች። ሁለት መስመር ሳልሄድ አለቀስኩ። "አታልቅስ፣ እሷ እዚህ ላይ አታለቅስም" ብላ ከመጀመሪያው አስጀመረችኝ። ሦስት ጊዜ መለሰችኝ። በሦስተኛው እስከ መጨረሻው ዘለቅን። መነጽሯን አውልቃ "ጨርሰነዋል ብለህ ንገራት። ሳትፈራ ትውጣ" አለችኝ። በማግስቱ አርብ መጋቢት 2 ቀን፣ ከጠዋቱ አምስት ሰዓት፣ እጇ እጄ ውስጥ እያለ፣ ሳትጨነቅ አረፈች።

ልጄ፣ እናትሽ ሞታለች።

ይህን ቃል ከአፌ ሰምተሽው አታውቂም። ሌላው ሁሉ ነግሮሻል፣ እኔ አልነገርኩሽም። ቀርቤ ጉልበቴን ከጉልበትሽ ባላደርስ እንኳ፣ ይኸው በእጄ ጽፌ ነገርኩሽ። መልእክቷንም ከሦስት ዓመት በኋላ አድርሻለሁ።

ገጹን ከደብዳቤው ጋር አድርጌልሻለሁ። ዳር ዳሩ ላይ በእስክሪብቶ ያለው ጽሕፈት የእሷ ነው፤ ትንፋሽ የምወስድበትን ቦታ በአማርኛ ጽፋልኛለች። ወረቀቱ ለመጠረዣ የተበሳበት ቀዳዳ አጠገብ ያለው እድፍ የእኔ ሻይ ነው፣ ይቅርታ። ለሦስት ዓመት በመዝሙረ ዳዊቴ ውስጥ ነበር። የአንቺ ንብረት ስለሆነ ከእንግዲህ እኔ ጋር መቀመጥ የለበትም።

ይቅር በዪኝ ብዬ አላጣድፍሽም። ብትቆጪ በእኔ ብቻ ተቆጪ፤ እነ ጋሽ ጳውሎስና እትዬ ባንቺአየሁ የሐሙሱን ነገር አያውቁም። ከሰዓት ከሰዓት ቤት ነኝ። ለመጮህም ቢሆን ደውዪ። ድምፅ ያለበት ነገር ከአንቺ ከሰማሁ ብዙ ጊዜዬ ነው።

ሶሊያናን አመስግኚልኝ፤ ዛሬ አብራሽ ትደር። የዛሬው ቅዱስ ሚካኤል በመውጫ በመግቢያሽ ይቁምልሽ፣ መድረክሽን ያስፋልሽ፣ ከሰው ሁሉ ፊት የሚያስከብርሽን ሞገስ አይንሳሽ። የእናትሽን ነፍስ ከደጋጎቹ ጋር ያኑርልኝ። ለእኔም አንድ ቀን የወጥ ቤቱን በር ከፍተሽ ስትገቢ የማይበት ዓይን ያቆይልኝ።

አባትሽ
ተስፋሁን